ለአባዬ፣ ከዚራ፣ ድሬዳዋ

አባዬ፣

እንደምን ሰነበትክ? ሙቀቱስ በረደላችሁ? ልጆቹ ደኅና ናቸው። ትልቁ ስምንተኛ ክፍል ገብቷል። ትንሿ የፊት ጥርሷ ወልቆ ጣራ ላይ ወረወረችው። ያስተማርካትን የፈረንሳይኛ ቁጥር እስከ ሃያ ሳትሳሳት ትቆጥራለች፤ ከሃያ በኋላ «አባባ ሲመጣ» ትላለች።

እቴቴ ነግራኛለች። የፕሮስቴትህን፣ ከፊኛህ በታች ያለችውን እጢ፣ የምርመራ ውጤት ካወቅክ ሁለት ወር ማለፉን፣ ሐኪሙ «ጨረር» ሲልህ ወረቀቱን አጥፈህ ኪስህ ከትተህ መውጣትህን፣ ከዚያ ወዲህ የናጋሳኪውን ሐኪም መጽሐፍ ደግመህ መያዝህን።

ከመጽሐፉ ልጀምር፤ ስለ እሱ ማውራት ይቀለኛል።

ዶክተር ታካሺ ናጋይ የራጅ ሐኪም ነበር። የደም ካንሰሩ የታወቀው አቶሚክ ቦምቡ ናጋሳኪ ላይ ከመውደቁ ሁለት ወር ገደማ ቀደም ብሎ ነው፤ ያመጣበትም ሥራው ነው። በጦርነቱ ፊልም ስለጠፋ የሳንባ ነቀርሳ ምርመራውን የሚሠራው ማሽኑ እንደበራ በቀጥታ በዓይኑ እያየ ነበር። ለፊልም ቢሆን ጨረሩ ብልጭ ብሎ ይጠፋል። በዚያ አሠራር ግን ሐኪሙ አይቶ እስኪጨርስ አይቋረጥም፤ ይህም ሰው በሰው ላይ እየተከታተለ፣ ለዓመታት። ነሐሴ 3 ቀን 1937 ዓ.ም. ከፍንዳታው ቦታ 700 ሜትር ያህል ርቆ ሆስፒታሉ ውስጥ ነበር። ጆሮ ግንዱ ላይ ያለው ደም ሥር ተቆርጦ እየደማ ቁስለኛ ያክም ነበር። ከሚስቱ ያገኘው በቤታቸው ፍርስራሽ ውስጥ አጥንቷን ብቻ ነው። በኋላ አልጋ ላይ ዋለ፤ ሚያዝያ 1943 ዓ.ም. እስኪሞት ድረስም ተኝቶ ጻፈ። አባዬ፣ ያ ሰው መሞቱን ከሁለት ልጆቹ አልደበቀም። ጻፈላቸው።

የሂሮሺማው ዶክተር ሚቺሂኮ ሃቺያም የዕለት ማስታወሻ አለ። ራሱ ቆስሎ፣ በሚመራው ሆስፒታል ውስጥ ታካሚ ሆኖ የጻፈው ነው። ሰዎች ደም የተቀላቀለበት ተቅማጥ ሲይዛቸው ተላላፊ የተቅማጥ በሽታ መስሎት ለብቻ ማስተኛ ክፍል አዘጋጀላቸው። የሆስፒታሉ ማይክሮስኮፕ በፍንዳታው ተበላሽቶ ስለነበር ደም ማየት አልቻሉም። ሌላ መጥቶ ሲያዩ ነጭ የደም ሴሎች ክፉኛ አንሰው ተገኙ። ጨረር ቶሎ ቶሎ የሚባዛን ሴል ይመታል፤ መቅኔን፣ የፀጉርን ሥር፣ የአንጀትን ሽፋን። መቅኔ ሲመታ በደም ውስጥ የነበረው ለጊዜው ያገለግላል፤ ሲያልቅ ግን ተኪ የለውም። ደኅና የመሰለ ሰው በሁለተኛውና በሦስተኛው ሳምንት ፀጉሩ በእፍኝ የሚረግፈው፣ ቆዳው ላይ የደም ነጠብጣብ የሚወጣው በዚህ ምክንያት ነው።

አንተ የምትፈራው ይህን ነው። የጨረር መጠን የሚለካው በግሬይ ነው፤ ሰው መላ አካሉ በአንዴ 4 ግሬይ ያህል ቢመታና ሕክምና ባያገኝ ግማሽ በግማሽ ይሞታል። ለአንተ የታዘዘው 60 ግሬይ ነው። ቁጥሩን ወረቀቱ ላይ አይተህ ከመጽሐፉ ጋር እንዳስተያየኸው እገምታለሁ፤ እኔም በአንተ ቦታ ብሆን እደነግጥ ነበር። ነገር ግን 60ው መላ አካልህ ላይ አያርፍም። ትንሽ ሎሚ በምታህል ቦታ ላይ፣ በቀን 3 ግሬይ፣ ከሰኞ እስከ ዓርብ፣ 20 ቀን ተከፋፍሎ የሚሰጥ ነው። የሚከፋፈለውም በአካባቢው ያለው ጤነኛ ሥጋ በየመሃሉ ራሱን እንዲጠግን ነው፤ የታመመው ሴል ያን ያህል መጠገን አይችልም። መቅኔህ አብዛኛው ከመንገዱ ውጭ ነው። የራስህ ፀጉር አይነካም። ከማሽኑ ስትወርድ ጨረሩ አብሮህ አይወጣም፤ በዚያው ቀን ትንሿን ማቀፍ ትችላለህ።

የኑክሌር መሣሪያን መጥላትህን ተው አልልህም። ኢትዮጵያ ያመነጨችው፣ የኑክሌር መሣሪያ መጠቀም የተባበሩት መንግሥታትን ቻርተር ይጥሳል የሚለው ውሳኔ ኅዳር 15 ቀን 1954 ዓ.ም. በ55 ድጋፍ፣ በ20 ተቃውሞና በ26 ድምፀ ተአቅቦ መጽደቁን ያወቅሁት ካንተ ነው። ዛሬም በቃሌ ነው።

አሠራሩ እንዲህ ነው። መጀመሪያ ሲቲ ስካን ይነሣልህና ቆዳህ ላይ ትናንሽ ምልክት ይደረጋል። በየቀኑ ከመግባትህ በፊት ሽንት ቤት ትሄዳለህ፤ ከዚያ በሚነግሩህ ሰዓት ውሃ ትጠጣለህ፣ ብዙ ጊዜ ግማሽ ሊትር ያህል ነው። ፊኛህ ካልሞላ አንጀትህ ወርዶ በጨረሩ መንገድ ውስጥ ይገባል። ሰገራ ወይም ነፋስ ካለ ደግሞ ፕሮስቴቱን በጥቂት ሚሊሜትር ይገፋውና ጨረሩ ዒላማውን ይስታል። ስለዚህ ባቄላና ሽምብራ የበዛበት ሽሮ ለአንድ ወር ቀነስ አድርግ። ከሁለተኛው ሳምንት በኋላ ሽንትህ ይመላለሳል፣ ያቃጥልሃል፣ ሰገራህ ሊላላ ይችላል፣ ይደክምሃል። ብዙውን ጊዜ ሕክምናው ካበቃ በኋላ በሳምንታት ውስጥ ይሻላል። በርጫውን ግን ተወው አባዬ። ጫት የሽንቱን መውጫ ያጠብቃል፤ በዚያ ላይ ፕሮስቴቱ ሲያብጥ ሽንትህ ጨርሶ ሊዘጋ ይችላል። ከተዘጋ እስኪነጋ አትጠብቅ፤ በዚያው ሰዓት ወደ ሐኪም።

እማዬን ግን እንዲህ ነበር የደበቅከኝ። «ፈተናሽ ነው፣ አትረበሺ ብዬ ነው» አልከኝ። ፈተናውን አለፍኩ፤ እሷን ግን ሳልሰናበታት ቀረሁ። ሃያ ሁለት ዓመት ሙሉ አንድም ቀን አንስቼብህ አላውቅም፤ አሁንም ላነሣው አልነበረም የተቀመጥኩት። በኪስህ የያዝከው ወረቀት ግን ያው የድሮው ነው የመሰለኝ። ካንሰር ነው አባዬ። ወደ አጥንትህ አልወጣም፤ ይህንንም የነገረችኝ እቴቴ ናት። ካንተ አፍ ብሰማው እወድ ነበር።

ባቡሩን እንደምትመርጥ አውቃለሁ፤ ነገር ግን ሽንትህ እየመጣ ያን ያህል ሰዓት መቀመጥ ስለሚከብድህ የአውሮፕላን ትኬት ቆርጬልሃለሁ፣ ለማክሰኞ ጠዋት። የባዮፕሲውን ወረቀት፣ የደም ውጤቶቹንና የኤምአርአዩን ሲዲ በላስቲክ ጠቅልለህ በእጅህ ያዝ፤ ሻንጣ ውስጥ አትክተት። የምትወስደውን የደም ግፊት መድኃኒት ከነካርቶኑ አምጣው። አዲስ አበባ አሁን ይበርዳል፣ ሹራብህን አትርሳ።

እቴቴን አትቆጣት። አስጨንቄያት ነው የነገረችኝ።

ልጅህ