ለእድራችን አባላት፦ ስለ ጤና መድኅን እድሳት

ጤና ይስጥልን፣ ውድ አባላት።

የማኅበረሰብ አቀፍ ጤና መድኅን እድሳት ደርሷል። ባለፈው ስብሰባ «ዓመቱን ሙሉ ሳልታመም ገንዘቤ ተበላ» ያላችሁ ነበራችሁ። አልተበላም፤ የሌላው ሰው ቀዶ ሕክምና ተከፍሎበታል። ለመሆኑ «ሰው አልሞተብኝምና የእድር መዋጮዬ ይመለስ» ያለ አባል አለ?

መድኅኑ በ2003 ዓ.ም. በ13 ወረዳዎች መሞከር ሲጀምር ጀምሮ ምዝገባው በቤተሰብ ነው። የታመመውን ብቻ አስመዝግበን ጤነኛውን ካስቀረን ቋቱ ወዲያው ይደርቃል። መክፈል ለማይችሉት መንግሥት ይሸፍናል። ጎረቤታችሁ እንዲህ ያለ ሰው ካለ ለኮሚቴው ሹክ በሉን።

ድንገተኛ ካልሆነ በቀጥታ ሆስፒታል አትሂዱ። መጀመሪያ ጤና ጣቢያ፣ ከዚያ በሪፈር ወረቀት። አለበለዚያ ከኪሳችሁ ልትከፍሉ ትችላላችሁ። መነጽር፣ ሰው ሠራሽ ጥርስና የውበት ሕክምና አይሸፈኑም።

ትልቁ ራስ ምታት መድኃኒት ነው። ሐኪሙ ያዛል፣ መስኮቱ ጋ ስትደርሱ «የለም፣ ከውጭ ግዙ»። አስቀድሞ የከፈለ ሰው ይህን ሲሰማ ቢናደድ አይፈረድበትም። ግን ተናዳችሁ ወደ አገኛችሁት ፋርማሲ አትሩጡ። ማዘዣው ላይ «የለም» የሚል ማህተም አስመቱና ከመድኅኑ ጋር ውል ያለው መድኃኒት ቤት የቱ እንደሆነ እዚያው ጠይቁ። ደረሰኝ በፍጹም አትጣሉ። መድኃኒት ያጣችሁ ሁሉ ማዘዣውን ፎቶ አንስታችሁ ላኩልን፤ ሰብስበን ለወረዳው በጽሑፍ እናቀርባለን።

ለእድሳት የመድኅን መታወቂያችሁን፣ አዲስ ልጅ ካለ ደግሞ የልደት ካርዱን ይዛችሁ ሂዱ።

የእድሩ ጸሐፊ