ለማኪያቶ ጊዜ ነበረን

ለተከበሩ አዘጋጅ፣

ከአሜሪካ የመጣችው የእህቴ ልጅ ባለፈው ቅዳሜ ጎትታ አወጣችኝ። «ጋሼ፣ የአዲስ አበባን የሙዚቃ ታሪክ በእግር የሚያስጎበኝ ልጅ አለ» አለች። በጉልበቴ የቀለደች መስሎኝ ነበር።

ፒያሳ፣ ሀገር ፍቅር ቴአትር ደጃፍ ጀመርን። አስጎብኚው ስለ አርባዎቹ ወላጅ አልባ የአርመን ልጆች የሙዚቃ ጓድ ሲያወራ ጎበዝ ነው። ራስ ተፈሪ በ1916 ዓ.ም. ኢየሩሳሌም ላይ የሙዚቃ መሣሪያ ሲነፉ ሰምተዋቸው ወደ አዲስ አበባ አስመጧቸው። አስተማሪያቸው ኬቮርክ ናልባንዲያን የንጉሡን ዘመን ብሔራዊ መዝሙር ዜማ ሠሩ። የወንድማቸው ልጅ ነርሲስ ደግሞ በብሔራዊ ቴአትር ስንቱን ሙዚቀኛ አፈሩ።

ከዚያ በቸርችል ጎዳና ቁልቁል ወረድን። ስለ አምሀ እሸቴ ግን አንድም ቃል የለም! የሙዚቃ ሸክላ የማሳተም መብት የሀገር ፍቅር ብቻ በነበረበት ዘመን፣ «ይምጣ የመጣው» ብሎ የዘፋኙን የአለማየሁ እሸቴን ድምፅ ሕንድ አገር አሳትሞ ያመጣ ወጣት እኮ ነው። ያኔ ጎረምሳ ነበርኩ። በመጀመሪያ ደሞዜ ሸክላ ገዛሁ። ማጫወቻ ግን አልነበረኝም፤ ጎረቤት ቤት ይዤ እየሄድኩ ነበር የምሰማው።

ፒያሳ በ2016 ብዙ ቤቶቿ ፈርሰዋል። የቀረው የሰው አፍ ነው። ቢያንስ የሸክላ መሸጫ ቤቶቹ በነበሩበት ቦታ ትንሽ ጽሑፍ ይለጠፍ፤ አስጎብኚዎችም የሰፈሩን ሽማግሌ ይጠይቁ።

ልጁን «አምሀስ?» ብለው፣ «ጋሼ፣ ሰዓት የለንም» አለኝ። ለማኪያቶ ግን ግማሽ ሰዓት ተቀምጠናል።

ጡረተኛው ልብስ ሰፊ፣ ከአዲስ አበባ