ስልኩ ሲጮህ ምን እንዳለ ላልገባቸው፦ ለቴክሳስ ጠረፍ የአደጋ ጊዜ ኃላፊዎች ግልጽ ደብዳቤ

የተከበራችሁ በሂዩስተንና በቴክሳስ ጠረፍ የምትሠሩ የአደጋ ጊዜ ኃላፊዎች፣

ይህን ደብዳቤ በአማርኛ የጻፍኩት አውቄ ነው። እንግሊዝኛው አይቸግረኝም። እናንተ ግን ለማንበብ ተርጓሚ መፈለግ ይኖርባችኋል። ተርጓሚው እስኪገኝ የምትጠብቁትን ጊዜ እባካችሁ ልብ በሉት። ሃርቪ የተባለው ሀሪኬን የመጣ ጊዜ የእኛ ሰዎች ያንን ጊዜ ውኃ ውስጥ ቆመው ነው የጠበቁት።

ቀኑን ታስታውሱታላችሁ። 2017፣ ኦገስት 25፣ አርብ ማታ። በእኛ አቆጣጠር ነሐሴ 19 ቀን 2009 ነበር። የፍልሰታ ጾም ከተፈታ ገና ሦስት ቀኑ። ሃርቪ የቴክሳስ ጠረፍ ላይ ባለችው ሮክፖርት አካባቢ ደረጃ 4 ሆኖ (ከፍተኛው 5 ነው) ወደ የብስ ገባ። ሂዩስተን ከዚያ ራቅ ስለምትል ነፋሱ ያን ያህል አልጎዳንም። ቅዳሜ ቀን ላይ ሰው "ተመስገን፣ አለፈ" ይባባል ነበር። ቅዳሜ ማታ ዝናቡ ያዘ። ከዚያ በኋላ ማባራት የሚባል ነገር ጠፋ። በጥቂት ቀናት ውስጥ ኔደርላንድ በምትባለው የቴክሳስ ከተማ አካባቢ 1,539 ሚሊ ሜትር ዝናብ ተለካ። አዲስ አበባ ክረምት ከበጋ ዓመቱን ሙሉ የምታገኘው ከዚህ ያንሳል።

ያኔ የምኖረው ደቡብ ምዕራብ ሂዩስተን፣ አፓርታማ ሁለተኛ ፎቅ ላይ ነበር። ከሥሬ አንዲት እናት ይኖሩ ነበር። የልጅ ልጆቻቸውን ሊይዙ ከአገር ቤት ከመጡ ዓመት አልሞላቸውም። ልጃቸው የሌሊት ሥራ ላይ ነበረች። መንገዱ ሁሉ ስለተዘጋ መመለስ አልቻለችም። ስልካቸው በየጊዜው ይጮሃል። ያ ልብ የሚያርድ የአደጋ ጊዜ ጩኸት። እሳቸው ስልኩ የተበላሸ መሰላቸው። ልጆቹን እንዳይቀሰቅስ ብለው አጠፉት።

ወርጄ በራቸውን ሳንኳኳ ውኃው ቁርጭምጭሚታቸው ላይ ደርሷል። ፎጣውንም ጋቢያቸውንም በሩ ሥር ጎዝጉዘውታል። "ቧንቧ የፈነዳ መስሎኝ እኮ ነው ልጄ" አሉኝ። አንድ አንድ ልጅ ታቅፈን ወደ ላይ ወጣን።

ያን ሌሊት ስልኬ እስኪነጋ አላረፈም። ዘመድ ይደውላል፣ የዕድር ሰው ይደውላል። "ቴሌቪዥኑ ምን እያለ ነው?" ይሉኛል። ቴሌቪዥኑ ያለ መጥረቢያ ኮርኒስ ውስጥ እንዳትገቡ ይላል። እንደወረደ ብነግራቸው ማን ይገባዋል? ኮርኒስና ጣሪያ መሀል የገባ ሰው ውኃው ተከትሎት ቢመጣ መውጫ የለውም። ጣሪያውን ቆርጦ የሚወጣበት ነገር ያስፈልገዋል። ከሌለው ከጣሪያው በላይ ይውጣ ማለት ነው። እሱን እያስረዳሁ ነጋ።

ቴክሳስ ውስጥ ሃርቪ በቀጥታ የገደላቸው ሰዎች ቢያንስ 68 ናቸው። 36ቱ እዚሁ፣ ሂዩስተን ባለችበት ሃሪስ ካውንቲ ውስጥ ነው የሞቱት። አብዛኞቹን የወሰዳቸው ነፋስ ሳይሆን የዝናብ ጎርፍ ነው። ጉዳዬም እዚህ ላይ ነው። የቃል ጉዳይ ነው።

ሀሪኬን በአማርኛ "አውሎ ነፋስ" ይባላል። ስህተት አይደለም። ግን ሰሚው ጆሮ ውስጥ የሚቀረው "ነፋስ" የሚለው ነው። ስለዚህ ሰው መስኮቱን ይዘጋል፣ በረንዳ ላይ ያለውን ዕቃ ያስገባል። ነፋሱ ሳይመጣ ሲቀር ደግሞ ይተኛል። ቅዳሜ ማታ የሆነው እሱ ነው።

የባሕሩ ነገር ይብሳል። አብዛኞቻችን የደጋ ልጆች ነን። ባሕር ሲነሳ አይተን አናውቅም። "ማዕበል" ስትሉን የሚታየን ከፍ ዝቅ የሚል ውኃ ነው። እናንተ የምትፈሩት ግን ሌላ ነው። ነፋሱ ገፍቶት ባሕሩ ራሱ ከፍ ብሎ ከተማ ውስጥ ሲገባ ነው። በ1900 እዚሁ ጠረፉ ላይ ባለችው ጋልቨስተን ከተማ ቢያንስ 6,000 ሰው ያለቀው በዚህ ነበር። ልጆቻችን እሑድ ከቅዳሴ በኋላ የሚሯሯጡበት ባለ 17 ጫማ ግንብ የተሠራው ከዚያ እልቂት በኋላ ነው። እኔ ራሴ ግንቡ ላይ ስንቴ ተቀምጬ፣ ለምን እንደተሠራ ያወቅሁት ከሃርቪ በኋላ ነው።

ከሁሉ የሚያሳስበኝ ደግሞ "ዋች" እና "ዋርኒንግ" የሚሉት ናቸው። ለእናንተ ሁለቱ ለየቅል ናቸው። ዋች ሊመጣ ይችላል፣ ተዘጋጁ ማለት ነው። የድንገተኛ ጎርፍ ዋርኒንግ ግን መጥቷል ወይም ደጃፋችሁ ላይ ነው፣ አሁኑኑ ከፍ ወዳለ ቦታ ሂዱ ማለት ነው። በስልኬ መተርጎሚያ ሞክሬዋለሁ። ሁለቱንም "ማስጠንቀቂያ" ብሎ ሰጥቶኛል። ሁለት ቀን ሙሉ "ማስጠንቀቂያ" ሲሰማ የከረመ ሰው በመጨረሻዋ ሰዓት ያንኑ ቃል ቢሰማ ምን ብሎ ይነሳል? አንዱን "ተዘጋጁ"፣ ሌላውን "ደርሷል፣ ውጡ" በሉት። ይኸው ነው።

ትእዛዛችሁም በየጊዜው እንደሚለያይ አውቃለሁ። በ2005 ሪታ የተባለችው ሀሪኬን ስትመጣ ሰው በሚሊዮን እየሆነ ከተማውን ለቆ ወጣ። ከሞቱት አብዛኞቹ የሞቱት በዚያ ሽሽት ላይ ነው። በሃርቪ ጊዜ ሂዩስተን ውስጥ ያላችሁ ቤታችሁ ቆዩ ተባለ። ለሁለቱም ምክንያት ነበረው፣ አልፈርድም። ግን የአምናውን ትእዛዝ ከጎረቤት የሰማ ሰው የዘንድሮውን ካልሰማ መኪናውን አስነስቶ ውኃ ውስጥ ይገባል።

ስለ ከሰልም ልንገራችሁ፤ ይህንን ከእኛ ሌላ ማንም አይነግራችሁም። በ2024 ጁላይ ላይ ቤሪል የተባለው ሀሪኬን ሲመጣ ደረጃ 1 ብቻ ነበር። እንዲያም ሆኖ ከ2 ሚሊዮን በላይ ደንበኛ መብራት ጠፋበት። በዚያ ሙቀት ለቀናት። መልእክቱ "ጄኔሬተር ቤት ውስጥ አታስነሱ" ይላል። ጥሩ ነው። የእኛ እናቶች ግን ጄኔሬተር የላቸውም። ያላቸው የከሰል ምድጃ ነው። መብራት ሲጠፋ ቡናውም ወጡም ወደዚያ ይሄዳል። ዝናብ ስለሆነ ደግሞ ምድጃው ቤት ውስጥ ይገባል፣ መስኮት ይዘጋል። ከከሰሉ የሚወጣው ሽታ የሌለው መርዛማ ጋዝ (ካርቦን ሞኖክሳይድ) ከጄኔሬተሩ እኩል ይገድላል። በ2021ዱ ከባድ ብርድ መብራት ሲጠፋ በዚሁ ጋዝ ከእኛው ሰው ሞቷል። እባካችሁ በአማርኛ ስትጽፉ "ከሰል" የሚለውን ቃል ጨምሩበት። አንድ ቃል ናት።

ውኃው ከሄደ በኋላ ያለውን በአጭሩ ላንሳ። ያች እናትና ልጃቸው የቤት ዕቃ ኢንሹራንስ ነበራቸው። ጎርፍ ግን እዚያ ውስጥ አይገባም ተባሉ። የጎርፉ ለብቻው ነው የሚገዛው፤ ከተገዛ በኋላም ብዙውን ጊዜ ሥራ የሚጀምረው ከ30 ቀን በኋላ ነው። ወጀቡ ባሕር ላይ ከታየ በኋላ መግዛት ዋጋ የለውም። ይህን የሚነግራቸው ሰው የመጣው ምንጣፉ ተነቅሎ ከተጣለ በኋላ ነበር። ታክሲ የሚነዱ ወንድሞቻችን ደግሞ መኪናቸው ሲሰጥም እንጀራቸውም አብሮ ሰጠመ። የዚያ ዓመት እንቁጣጣሽ የገባው እርጥብ ፍራሽና ሶፋ መንገድ ዳር ተቆልሎ ነው። ሴት ልጆቻችን በዚያ መሀል አበባ ይዘው ሲያልፉ አይቻለሁ። ከዓይኔ አልጠፋም።

በነገራችን ላይ ይህ ወጀብ ለእኛ ፈጽሞ ባዕድ አይደለም። ከአትላንቲክ ትልልቅ ወጀቦች አብዛኞቹ ጅማሬያቸው አፍሪካ ነው። በክረምት ከምሥራቅ ወደ ምዕራብ የሚጓዝ የአየር ሞገድ ሳህልን አቋርጦ ውቅያኖሱ ላይ ይወጣል። ተመራማሪዎች ከእነዚህ ሞገዶች አንዳንዶቹን ወደ ኋላ ተከታትለው የኢትዮጵያ ደጋ ድረስ ደርሰዋል። ሃርቪም የተፈጠረው በኦገስት አጋማሽ ገደማ ከምዕራብ አፍሪካ ጠረፍ ከወጣ እንዲህ ያለ ሞገድ ነው። የሀሪኬን ወቅት የሚጠነክረውም ሴፕቴምበር 10 አካባቢ ነው፤ የእኛ ጳጉሜን፣ የዘመን መለወጫ ዋዜማ። እዚያ ሰማዩ መጥራት ሲጀምር እዚህ ይከብዳል።

በ2025 መጀመሪያ ላይ የፌዴራል ኮሙኒኬሽን ኮሚሽን የስልክ ማስጠንቀቂያ ከእንግሊዝኛ ሌላ በ13 ቋንቋዎች አስቀድሞ እንዲዘጋጅ የሚል ውሳኔ አውጥቶ ነበር። ስፓኒሽ፣ ቬትናምኛ፣ አረብኛ አሉበት። አማርኛ የለበትም። ቁጥራችን ያንሳል፣ ይገባኛል። ስለዚህ ከእናንተ የምፈልገው ዋሽንግተንን መጠበቅ የማያስፈልገውን ነው። አጫጭር መልእክቶች በአማርኛ ቀድመው ይዘጋጁ። በጽሑፍ ብቻ ሳይሆን በድምፅ ይቀረጹ፣ ማንበብ የማይችሉ አሉና። ማሽን ሳይሆን ሰው ይተርጉማቸው። ቄሱም ኢማሙም የዕድሩ ሊቀመንበርም ስልካቸው ላይ ይኑራቸው። እናንተ ቁልፉን ስትጫኑ በአሥር ደቂቃ ውስጥ ሁሉም ቤት ይደርሳል። እኛ ለቅሶ እንዲህ ነው የምንጠራራው፤ መንገዱ አለ።

የሀሪኬን ወቅት ጁን 1 ይከፈታል። የዕድራችን ነርሶችና ሹፌሮች ተሰብስበን የመጀመሪያዎቹን መልእክቶች ጽፈናል። ለእኚያ እናት አንድ በአንድ አነበብኩላቸው። አንዱ ላይ "ይኼ ምን ማለት ነው?" አሉኝ፤ እሱን እንደገና ጻፍነው። አሁን ሁሉም ይገባቸዋል። ከእናንተ መሀል ይህን ወረቀት የሚረከበን ሰው ስሙንና የቢሮውን ቁጥር ያሳውቀን። መልሱ በመጣ በማግሥቱ ይዘን እንመጣለን።

ከአክብሮት ጋር፣
ደቡብ ምዕራብ ሂዩስተን የምትኖር ጎረቤታችሁ