በኬላ ላይ ስለሚከፈት ስልክ፦ ለሕዝብ ተወካዮች ምክር ቤት የሕግና ፍትሕ ጉዳዮች ቋሚ ኮሚቴ

ክቡራን የኮሚቴው አባላት፣

ይህን ደብዳቤ የምጽፍላችሁ ከደብረ ብርሃን ነው። የሰላም ማጣትን ከሩቅ የሰማሁት አይደለሁም፤ አጣዬ በ2013 ዓ.ም. ስትቃጠል ቤት ንብረታቸውን ጥለው ወደ ከተማችን የገቡትን ወገኖች አይቻለሁ፤ ስለዚህ በመንገድ ላይ መኪና ቆሞ ቢፈተሽ፣ ሻንጣዬም ቢበረበር ቅር አይለኝም።

ቅር ያሰኘኝ ከዚያ የሚቀጥለው ነው። ከደብረ ሲና ስመለስ በአንድ ኬላ ከአውቶቡስ ወርደን ተሰለፍን፤ ፈታሹም ስልኬን ተቀብሎ የምከፍትበትን ቁጥር እንድነግረው አዘዘኝ፤ ነገርኩት። ከእህቴ ጋር ስለ እናታችን ሕመም በቴሌግራም የተጻጻፍነውን ለባልደረባው ጭምር እያሳየ አነበበው። የተጠረጠርኩበትን ነገር የነገረኝ የለም፤ የፍርድ ቤት ትእዛዝም አላየሁም።

የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 26 በፖስታ፣ በስልክና በኤሌክትሮኒክስ መሣሪያ የሚደረግ ግንኙነት እንዳይደፈር ይደነግጋል፤ መብቱ የሚገደበውም አስገዳጅ ሁኔታ ሲፈጠርና በዝርዝር ሕግ ብቻ ነው። የኮምፒውተር ወንጀል አዋጅ ቁጥር 958/2008 ደግሞ ጠቅላይ ዐቃቤ ሕጉ (ሥልጣኑ ዛሬ ወደ ፍትሕ ሚኒስቴር ተላልፏል) በአስቸኳይ ጊዜ ያለ ፍርድ ቤት ትእዛዝ ጠለፋ፣ ማለትም በመተላለፍ ላይ ያለን ግንኙነት መከታተል፣ ቢፈቅድ እንኳ ምክንያቱን በ48 ሰዓት ውስጥ ለፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት ፕሬዚዳንት እንዲያቀርብ ያስገድደዋል። በኬላው ላይ ስልኬን የከፈተው ሰው ምክንያቱን የሚያቀርበው ለማን ነው?

አዋጁ ስለ ጠለፋ እንጂ በእጅ ተይዞ ስለሚነበብ ስልክ አይናገርም ትሉኝ ይሆናል። ሆኖም ጠላፊ የሚያገኘው ከፈቃዱ ቀን ወዲህ የሚተላለፈውን ነው፤ ስልክ የከፈተ ሰው ግን የዓመታት መልእክት፣ የቤተሰብ ፎቶግራፍና የባንክ ሒሳብ ጭምር በአንድ ጊዜ ያገኛል። ጉዳቱ ለጸጥታ ሥራውም ይተርፋል፤ ዛሬ የማውቃቸው ሰዎች ለመንገድ ሲነሡ መልእክታቸውን ያጠፋሉ፣ ያዩትን አደጋ እንኳ በስልክ ለመናገር ይፈራሉ።

ስለዚህ ኮሚቴያችሁ የሚመለከታቸውን የጸጥታ አካላት ጠርቶ በኬላ ስልክ የሚከፈትበት መመሪያ እንዳለ እንዲጠይቅ፣ ካለም ለሕዝብ እንዲገለጽ፣ ከሌለ ደግሞ በሕግ እስኪወሰን ድረስ ያለ ፍርድ ቤት ትእዛዝ የሰው ስልክ እንዳይከፈት እንዲያሳስብ በአክብሮት እጠይቃለሁ። ከተከፈቱት ስልኮች የተቀዳ ነገር ካለም የት እንደተቀመጠና መቼ እንደሚጠፋ ለባለቤቶቹ ይነገረን።

ከአክብሮት ጋር፣
አንድ የደብረ ብርሃን ነዋሪ