ለታደሰ፦ ከጄራልድ በፊት ዱዎዳን

ወንድሜ ታደሰ፣

እንደምን ሰነበትክ? እማማስ ጤናቸው እንዴት ነው? ስለ ዝምታዬ ይቅር በለኝ፤ ስንገናኝ እንደ ልብህ ትወቅሰኛለህ።

ብዕር ያስነሳኝ አንድ ወሬ ነው። በሰንበት ትምህርት ቤቱ ለወጣት ወንዶች ስለ ጥንት የፍራንኮች (የዛሬዎቹን ፈረንሳይና ጀርመን ይገዛ የነበረ ሕዝብ) መኳንንት ልታስተምር ነው አሉኝ። ምሳሌ ያደረግከውም የኦሪያኩን ጄራልድ ነው ሲሉኝ እውነቴን ነው የምልህ፣ እንቅልፍ ነሳኝ። አንተ መቼም አንድ ጻድቅ ካገኘህ አትለቅም! ግን እባክህ፣ በእሱ አትጀምር፤ ለልጇ የምክር መጽሐፍ የጻፈችውን ዱዎዳን አስቀድም።

ጄራልድን አልንቀውም። ሳያገባ ኖሮ፣ ገዳም ተክሎ፣ በ909 ገደማ ያረፈ ጌታ ነው (ዓመታቱንና ቀናቱን ሁሉ በፈረንጅ ቆጥሬልሃለሁ)። ገድሉ እንደሚለው የገባሩን ልጅ ተመኝቶ ሌሊት ወደ ቤቷ ሄደ፤ ሲያያት መልኳ አስጠላውና በዚያ ብርድ በፈረስ ሸሸ። ኋላም አባቷን ቶሎ ዳራት ብሎት እሷን ነፃ አወጣት፣ መሬትም ሰጣት። ጺሙን ተላጨ፤ የራስ ጠጉሩንም እንደ መነኩሴ ተላጭቶ በቆብ ሸፈነው። ገድሉ የክሉኒ ገዳም አበምኔት የኦዶ ነው ይባላል፤ ረጅሙ ቅጂ የእሱ ስለመሆኑ ግን ዛሬ ሊቃውንት ይከራከራሉ። ያም ሆነ ይህ የጻፈው መነኩሴ ነው። ሚስት ሊያገባ፣ ርስት ሊወርስ፣ ዳኛ ሊሆን የተሰናዳ ወጣት ይህን ሰምቶ የሚይዘው አንድ ነገር ነው፦ ለመጽደቅ በስውር መመንኮስ ያስፈልጋል የሚል። የዘመኑ መኳንንት በእጃቸው ይዘው ያነበቡት ትምህርት ግን ሌላ ነበር።

የብሬታኝ ጠረፍ ገዥ የነበረው ካውንት ዊዶ በ800 ገደማ ሊቁን አልኩዊንን፣ ጦርነት ፋታ አይሰጠኝምና አጭር መጽሐፍ ጻፍልኝ ብሎ ለመነው። አልኩዊንም በምዕራፍ በምዕራፍ ከፋፍሎ ስለ ምግባርና ስለ ኃጢአት ጻፈለት፤ በዓለም መኖርህ አያስፈራህ፣ የመንግሥተ ሰማያት በር ለሁሉም እኩል ክፍት ነው አለው። ስለ ዳኝነት የጻፈለትን አደራ አንብብላቸው። ፍርድ በአራት መንገድ ይጣመማል ይላል፦ በፍርሃት፣ በስስት፣ በጥላቻ፣ በፍቅር። ኃያሉን የፈራ እውነቱን ይውጣል፤ የሰሰተ መማለጃ ይቀበላል፤ ቂም የያዘ ጠላቱን ይጎዳል፤ የሚወድ ደግሞ ለወገኑ ያደላል። አራተኛው ላይ ቆም በል፤ ዘመድና ወዳጅ መርዳት የጌትነት ምልክት ለሆነበት ሰው ከሁሉ የሚከብደው እሱ ነው።

ሌላው የሰይፍ መታጠቂያው ጉዳይ ነው። በዚያ ዘመን ልጅ ለአቅመ አዳም ሲደርስ አባቱ ሰይፍ ያስታጥቀው ነበር፤ የፍራንኮች ንጉሠ ነገሥት ሉዊ ደጉ ልጁን ቻርልስን በ838 በኪየርዚ ሲያስታጥቀው ልጁ 15 ዓመቱ ነበር። በአደባባይ ንስሐ የገባ ሰው ግን ጦር መሣሪያ አይዝም፣ ከሚስቱም አይደርስም ነበር። መኳንንቱ የአደባባይ ንስሐን ይሸሹ የነበረው ለዚህ ነው፤ ነፍሱን ሲያድን ሹመቱ ይሄዳል፣ ወንድነቱም በሰው ፊት ይወርዳል። ይህንን የሉዊ ጠላቶች ጠንቅቀው ያውቁ ነበር። በ833 በሶይሶን፣ በቅዱስ ሜዳር ቤተ ክርስቲያን፣ ንጉሡን ትጥቁን አስፈትተው በመሠዊያው ላይ አስቀመጡት፣ የንስሐ ልብስም አለበሱት። በዓመቱ በ834 በሳን ደኒ ጳጳሳት እንደገና አስታጠቁት፤ ያለዚያ እንደ ንጉሥ ሊቆም አይችልም ነበር።

የኦርሌአኑ ጳጳስ ዮናስ ለካውንት ማትፍሪድ የጻፈውን በአጭሩ ንካው፦ ሙሽራው ከሙሽራይቱ የሚፈልገውን ንጽሕና ራሱም ይዞ ይቅረብ፣ ዕቁባት አይያዝ፤ እሑድን ከአደን ውሾች ጋር የሚያሳልፍ ቅዳሴውንም ድሃውንም ይረሳል። በ860ዎቹ በሰሜን ጣሊያን የፍሪዩሊ ገዥ ኤበርሃርድ ከሚስቱ ከጊዜላ ጋር የውርስ ኑዛዜ ሲያደርግ ለልጆቹ ከሰይፉ ጋር መጻሕፍቱን አከፋፈለ፤ ለዊዶ የተጻፈው መጽሐፍ የደረሳት ለሴት ልጁ ለዩዲት ነው። ለወንድ ተብሎ የተጻፈው በሴት እጅ እንደሚኖር ለልጆቹ ንገራቸው።

አሁን ዱዎዳ። በደቡብ ፈረንሳይ የሴፕቲማንያ ገዥ የበርናርድ ሚስት ናት፤ ልጇ ዊልያም 15 ዓመት በሞላ ማግስት፣ ኅዳር 30 ቀን 841፣ በኡዜስ ከተማ የምክር መጽሐፍ ትጽፍለት ጀመረች፤ የካቲት 2 ቀን 843 ጨረሰች። ልጁ ያኔ ንጉሥ በሆነው በቻርልስ ቤተ መንግሥት ነበር። ታናሽየውን ደግሞ ሳይጠመቅ ወስደውባት ስሙን እንኳ አታውቅም። ስትተኛ ግንባርህንና አልጋህን አማትብ፣ በቀን ሰባት ጊዜ ጸልይ፣ ለአባትህ ዘመዶች በየስማቸው ጸልይ ትለዋለች። ለባሏ ዘመቻ ከክርስቲያኑም ከአይሁዱም የተበደረችውን ገንዘብ፣ ከሞትኩ አንተ ክፈልልኝ ትላለች። እኔ ከዚህ በላይ የሃይማኖተኛ ወንድ ትምህርት አላውቅም፦ ጸሎትና ዕዳ መክፈል አብረው።

ያልሰመረውንም አትደብቅባቸው። ለአባትህ ታዘዝ፣ ከንጉሡም አስቀድመው አለችው። በ844 ቻርልስ በርናርድን አስገደለ። ዊልያም ከንጉሡ ተቀናቃኝ ከፔፒን ጋር ወግኖ በ848 ባርሴሎናን ያዘ፤ በ850 እሱም ተገደለ። ለአባትና ለጌታ ታማኝ መሆን ሲጋጩ ምን እንደሚደረግ የእናቱ ምክር አልበቃም፤ ወጣቶቹን በዚህ ላይ አከራክራቸው።

እንግዲህ የምለምንህን ልንገርህ፤ ትንሽ ባፍርም። ዱዎዳ ከዳዊት የጠቀሰችውን እየለቀምኩ ነው፤ ዳዊት በቃሉ የሚያውቅ ደግሞ ካንተ ሌላ የለኝም። የላቲኑ ቁጥር ከግእዙ ዳዊት ጋር ስለሚገጥም አትቸገርም፤ የሰባት ጊዜው ጸሎት ያለበት 118ኛው እዚያም 118ኛ ነው። ዝርዝሩን ልላክልህና በግእዙ እያየህ አርምልኝ። ትምህርቱ ከመጀመሩ በፊት ይድረስህ ዘንድ አድራሻህን ቶሎ ላክልኝ።

ወንድምህ