«ቲቸር፣ ፈተና ላይ ይወጣል?»፦ የቋንቋና ታሪክ ክበብ የዓመቱ ዘገባ

ዘንድሮ በክበባት ምዝገባ ቀን የእኛ ጠረጴዛ ጭር ያለ ነበር። ሚኒ ሚዲያ ዘንድ ሰልፍ ነው፤ ማይክ ያለበት ቦታ ሁሌም ሰልፍ አለ። ወደ እኛ ከመጡት ጥቂቶች መካከል ግን ቅዳሜ ቅዳሜ ስቴም (ሳይንስ፣ ቴክኖሎጂ፣ ምህንድስናና ሒሳብ) የሚማሩ የተፈጥሮ ሳይንስ ልጆች ነበሩበት። ስማቸውን ከማስመዝገባቸው በፊት ጠየቁ፤ «ቲቸር፣ ይሄ ነገር ፈተና ላይ ይወጣል?»

አይወጣም። የተፈጥሮ ሳይንስ ተማሪ 12ኛ ክፍል ላይ ታሪክም ጂኦግራፊም አይፈተንም። ጥያቄውን ግን አልናቅኩትም። ብሔራዊ ፈተናው ዩኒቨርሲቲ ግቢ ውስጥ መሰጠት ሲጀምር፣ ከ2014 ዓ.ም. ተፈታኞች 50 በመቶና ከዚያ በላይ ያመጡት 3.3 በመቶ ብቻ ነበሩ። ይህን የሰማ ልጅ በጊዜው ቢሰስት አይፈረድበትም። እኔን የሚያናድደኝ ሌላው ወሬ ነው፤ «ፊዚክስ ያልሆነለት ሶሻል ይግባ» የሚለው። ይሄ ልጆቹ የፈጠሩት አይደለም። ዩኒቨርሲቲ ከሚገባው 70 በመቶው ለሳይንስና ቴክኖሎጂ፣ 30 በመቶው ለሶሻል እየተባለ ለዓመታት ሲመደብ ኖሯል። ቤት ውስጥም «ልጄ ኢንጂነር ነው» የሚለው ያስጨበጭባል፤ «ልጄ ታሪክ ያጠናል» ሲባል ግን «ታዲያ ምን ሊሠራበት ነው?» ይከተላል። ክበባችን ዓመቱን ሙሉ የታገለው ከዚህ ወሬ ጋር ነው።

የመጀመሪያው ዝግጅታችን ክርክር ነበር። ርዕሱ «ለባሕር ዳር የሚበጃት ኢንጂነር ነው ወይስ የታሪክ ባለሙያ?» ነው። አንደኛው ወገን በ1955 ዓ.ም. በሶቪየት ኅብረት ትብብር የተቋቋመውን ፖሊ ቴክኒክ ጠቀሰ። ሌላው ወገን መምህራን ያፈራውን የፔዳጎጂ አካዳሚ ይዞ ተነሣ። ሁለቱ ተቋማት በ1992 ዓ.ም. ተዋህደው ባሕር ዳር ዩኒቨርሲቲን እንደመሠረቱ ያስታወሰ ግን አልነበረም። ጩኸቱ ደማቅ ነበር፤ ከጩኸቱ የዘለለ ነገር አልሰማሁም። ስለዚህ ከክፍል መውጣት አለብን አልን።

ጣና ሐይቅ ላይ ያለው የክብራን ገብርኤል ገዳም ሴት ስለማይገባበት ከመጀመሪያውም አላሰብነውም፤ የክበባችን ግማሽ ሴቶች ናቸው። ወደ ዘጌ ሄድን። ከጀልባ ወርደን በቡናው ጫካ ውስጥ አቀበቱን ወጥተን ዑራ ኪዳነ ምሕረት ደረስን። ልጆቹ መጀመሪያ ስልካቸውን አውጥተው ፎቶ ማንሳት ነበር። ስትሥል የምትውል አንዲት የ10ኛ ክፍል ልጅ ግን የመቅደሱ ግድግዳ ፊት ቆማ ቀረች። «ቲቸር፣ እነዚህ ለምን አንድ ዓይን ብቻ አላቸው?» አለችኝ። ዝም ብዬ እንድታይ ተውኳት። ጥቂት ቆይታ ራሷ ደረሰችበት፤ ቅዱሳኑ ሙሉ ፊታቸውን ወደ ተመልካቹ አዙረው ሁለት ዓይናቸው ይታያል። ሰይጣኑና ክፉዎቹ በጎን ተሥለዋል። ከዚያ በኋላ ሁሉም ሥዕሉን ማንበብ ጀመሩ። «ይሄኛው ክፉ ነው፣ ይሄኛው ጥሩ ነው» እየተባባሉ ዙሪያውን ዞሩት። ፎቶ ማንሳቱ ተረሳ።

ስንመለስ ደግሞ የባዮሎጂ ጎበዝ የሆነ ልጅ ጫካውን እያየ ጥያቄ አመጣ። የጣና ዳር አብዛኛው ታርሶ አልቋል፤ ዘጌ ላይ ደኑ እንዴት ተረፈ? አፈሩ ነው? እርጥበቱ ነው? እርሱ የጠበቀው እንዲህ ያለ መልስ ነበር። አብረውን የነበሩት አባት ግን የአቡነ በትረ ማርያምን ታሪክ አወሩልን። ጻድቁ ተክለውት በበረከታቸው ከበቀለው ቡና፣ ጌሾና ሎሚ ጀምሮ በዘጌ በበሬ ማረስና ከብት ማርባት ክልክል ሆኖ እንደኖረ ይነገራል። ልጁ ማስታወሻ ደብተሩ ላይ ጽፎ ሲያበቃ ከጎኑ የጥያቄ ምልክት አደረገ። ደስ ያለኝ ያ ምልክት ነው። ለተከታታይ ስብሰባዎች መነጋገሪያ ሆነልን። ታሪክ ደን ይጠብቃል ወይ? እርሻ የሌለው ሰው በምን ይኖራል? ቡናውንና ጌሾውን ገበያ አውጥቶ ሸጦ ነው፤ ስለዚህ ነገሩ እምነት ብቻም አይደለም። ልጁ መጨረሻ ላይ የጻፈው ገጽ ላይ ባዮሎጂም፣ ኢኮኖሚክስም፣ ገድልም አለበት። የትኛው ክፍለ ጊዜ ላይ ሊያስረክበው እንደሚችል አላውቅም።

ሁለተኛው ሥራችን ታንኳ ነበር። አንዲት የ11ኛ ክፍል የተፈጥሮ ሳይንስ ተማሪ ጣናን ስለወረረው የእምቦጭ አረም መጠይቅ አዘጋጀች። በኮምፒውተር የተጻፈ፣ «አዎ» እና «አይደለም» የሚል ሳጥን ያለበት፣ የሚያምር ወረቀት ነው። ሐይቁ ዳር ደንገል የሚያስሩ አንድ አዛውንት ታንኳ ሠሪ ዘንድ ቁጭ አለች። «አባባ፣ እምቦጭ ሥራዎን ጎድቶታል?» ሰውየው ወረቀቱን አየት አድርገው፣ «ልጄ፣ የቱን አዎ ልበልሽ?» አሏት። ወረቀቱን ገልብጣ በጀርባው መጻፍ ጀመረች። ደንገሉን አሁን ለመቁረጥ የት ድረስ እንደሚሄዱ ነገሯት። ታንኳ ውኃ እየጠጣ ስለሚከብድ አውጥተው እንደሚያደርቁት፣ እምቦጩ መውጫ ሲዘጋ ደግሞ ማውጣቱም መግባቱም እንደሚከብድ አወሩላት። ማሽን መጥቶ እንደነበር፣ ገበሬው በእጁ ሲነቅል እንደከረመ ሁሉ ተነሣ። በሳጥኑ ውስጥ ይሄ ሁሉ ቦታ አልነበረውም።

ሰውየው ጣና ዳር ከኖረው የነገደ ወይጦ ማኅበረሰብ ናቸው። ከልጆቻችን አብዛኞቹ እዚሁ ባሕር ዳር ተወልደው አድገዋል። ከማኅበረሰቡ ሰው ጋር ተቀምጠው ሲያወሩ ግን የመጀመሪያቸው ነበር። ይህን በዘገባው ላይ ይጻፍ ያሉት ራሳቸው ናቸው።

ሌላውን ባጭሩ ልለፈው። አንድ የቅኔ መምህር መጥተው ስለ ጉባኤ ቃና፣ ባለ ሁለት ስንኙ የቅኔ ዓይነት፣ አስተምረውናል። ልጆቹ በአማርኛ ሁለት ስንኝ ለመቋጠር ሲታገሉ የሒሳብ መምህራችን ከኋላ ቁጭ ብለው የስንኙን ቀለም (ክፍለ ቃል) ሲቆጥሩ ነበር፤ ከሁሉም የበለጠ የተደሰቱት እርሳቸው ናቸው። ቻትጂፒቲም ክበባችን መግባቱ አልቀረም። አንድ ተማሪ ስለ ጣናው ገዳም ስለ ዳጋ እስጢፋኖስ ያመጣው ጽሑፍ ሲነበብ ያማረ ነው፤ «ይሄን ማን አለ?» ሲባል ግን መልስ ጠፋ። አልከለከልንም። «ማን አለ?» የሚለውን ጥያቄ ግን ደንብ አደረግነው፤ አሁን እኔንም ክፍል ውስጥ ይጠይቁኛል።

የድራማው ዕቅድ አልተሳካም። ልምምዱ ከሞዴል ፈተና ጋር ተጋጨ።

የቃለ መጠይቆቹ ጽሑፍና የዘጌው ማስታወሻ ተጠርዞ ቤተ መጻሕፍት ተቀምጧል፤ ማንም ተውሶ ማንበብ ይችላል። ለሚቀጥለው ዓመት አንድ ደህና ድምፅ መቅጃ እንፈልጋለን፤ የልጆቹ ስልክ ሜሞሪ እየሞላ ሁለት ጊዜ ጨዋታው መሃል ላይ ተቋርጦብናል። ልጆቹ የመረጡት ጉዞ ደቅ ደሴት ነው፤ እቴጌ ምንትዋብ ያሠሩትን ናርጋ ሥላሴን ለማየት። ከዘጌ ይልቅ ሩቅ ስለሆነ የጀልባው ወጪ ይከብዳል። ለወላጅ ኮሚቴው ማመልከቻ ገብቷል፤ የጻፈችው ያቺው መጠይቅ ያዘጋጀችው ልጅ ናት። በዚህኛው ላይ ሳጥን የለም።