«ሦስት ሚሊ ምን አላት?»

ለጋዜጣው ዝግጅት ክፍል፣

ጅማ ፈረንጅ አራዳ አነስተኛ የእንጨት ሥራ ቤት አለኝ። ሙያውን ከጀመርኩ 31 ዓመት ሆኖኛል። ጋዜጣ ላይ ስጽፍ የመጀመሪያዬ ነውና ፊደል ብገድፍ አርሙልኝ፤ ቁጥሮቹን ግን አትንኩብኝ፣ የደብዳቤው ነገር እነሱ ናቸው።

ባለፈው ወር ለአንድ ደንበኛ 12 ጠረጴዛ ልሠራ ተዋውዬ 50 የግራቪሊያ ጣውላ ገዛሁ። ሻጩ «4 ሜትር በ20 በ2.5 ሳንቲ ነው» አለኝ፤ ደረሰኙ ላይም እንዲሁ ጻፈ። ብሩን ቆጥሬ ሰጠሁ። ጣውላው በሁለት የፈረስ ጋሪ መጣ። አብሮኝ የሚሠራው ልጅ እያወረደ ሲደረድር ቆየና «ጋሼ፣ ይሄ ጣውላ አልቀጠነም?» አለኝ። ሜትሬን አወጣሁ። ውፍረቱ 2.2። ሌላውን ለካሁ፣ 2.2። ወርዱ 19፣ ርዝመቱ 3 ሜትር ከ90። አሥሩን ለክቼ ተውኩት፤ ሁሉም የአንድ እናት ልጆች ናቸው።

ሻጩ ጋ ደወልኩ። ሳቀና «ጋሼ፣ ለመሆኑ ሦስት ሚሊ ምን አላት?» አለኝ።

እኔም ያን ቀን ማታ ወረቀት ይዤ ተቀመጥኩ። የተባለው ጣውላ ወደ ሜትር ተቀይሮ ሲባዛ፣ 4 በ0.20 በ0.025፣ 0.02 ሜትር ኩብ ይመጣል። 50ው ልክ አንድ ሜትር ኩብ ሞላ። የከፈልኩት ለዚህ ነው። የመጣልኝ ደግሞ 3.90 በ0.19 በ0.022 ነው፤ አንዱ 0.0163፣ 50ው ተደምሮ 0.815 ሜትር ኩብ። 0.185 የት ገባ? በተባለው ልክ ብንመነዝረው ከዘጠኝ ጣውላ ይበልጣል። የ50 ከፍዬ የወሰድኩት 41 አይሞላም።

በጣም የገረመኝ ጉድለቱን ስበትነው ያየሁት ነው። ከርዝመቱ የጎደለው 10 ሳንቲ ነው፤ በዓይን ሲታይ ትልቁ ጉድለት እሱ ይመስላል፣ ግን ከመቶ 2.5 ብቻ ነው። ከወርዱ አንድ ሳንቲ ማለት ከመቶ 5 ነው። ያቺ የተሳቀባት ሦስት ሚሊ ግን ብቻዋን ከመቶ 12 ወሰደች። ገዢ ሁሉ ሜትሩን ዘርግቶ የሚለካው ርዝመቱን ነው፤ ወርዱን በስንዝር ገመት ያደርጋል፤ ውፍረቱን በዓይኑ አይቶ ያልፋል። እኔም 31 ዓመት ሠርቼ እንደዚያው አለፍኩ፣ ይቅር ይበለኝ።

ጉዳቱ ደግሞ በሜትር ኩብ ብቻ የሚያልቅ አይደለም። ጣውላ መላጊያ ማሽን ውስጥ ሲገባ ከዚህ ፊቱ ሁለት ሚሊ፣ ከዚያ ፊቱ ሁለት ሚሊ ይሄዳል። 2.5 የነበረው 2.1 ሆኖ ይወጣል፤ 2.2 የነበረው 1.8። ደንበኛዬ የተዋዋለኝ የጠረጴዛው ገጽ 2 ሳንቲ እንዲሆን ነው። ስለዚህ ለ12ቱ ገጽ የሚሆን ጣውላ ከሌላ ቦታ እንደገና ገዛሁ፣ የመጀመሪያውን ለመሳቢያና ለጀርባ አደረግኩት። ትርፌ እዚያ ላይ አለቀ። ደንበኛው አላወቀም፣ ማወቅም የለበትም።

ስከራከረው «እንጨት ሲደርቅ ይቀንሳል እኮ» አለኝ። ይቀንሳል። ግን የሚቀንሰው ወርዱና ውፍረቱ ነው፣ ርዝመቱን መድረቅ እምብዛም አይነካውም፤ 10 ሳንቲውን የበላው ፀሐይ አይደለም። ደግሞስ መቼ ደረቀ? ምስማር ስመታበት ውኃ ያዥ ነበር። ገና ደርቆ ከ2.2ም ሊወርድ ነው።

እኛ ጅማዎች ይህን ነገር በቡና አሳምረን እናውቀዋለን። ያልደረቀ ጀንፈል (ገለባው ያልተፈለፈለ ቡና) በደረቅ ዋጋ ልሽጥ የሚልን ሰው ነጋዴው ይስቅበታል፤ ዘግኖ በመዳፉ ያንኳኳዋል፣ ፍሬውን በጥርሱ ይሞክረዋል። ፈረሱላ 17 ኪሎ መሆኑን ለማንም ማስረዳት የለብንም። ጣውላ ላይ ስንደርስ ግን «አንድ ጣውላ ስንት ነው?» ብለን ጠይቀን እንከፍላለን። አንድ ጣውላ ብሎ ልክ የለም።

አባቴ ባለ ሦስት እግር በርጩማ ይጠርብ ነበር፤ ከአንድ የዋንዛ ግንድ፣ ያለ ምስማር፣ ያለ ኮላ። ሐሙስ ሐሙስ ሂርማታ ገበያ ይዞት ይወርዳል። ሜትር በእጁ ይዞ አላየሁትም፤ ስንዝሩ ይበቃው ነበር። ግንዱ አነስ ካለ በርጩማው ያንሳል እንጂ የሚፈርስ ውል የለም። ጅሬን ወጥቶ የአባ ጅፋርን ቤተ መንግሥት የእንጨት ሰገነት ያየ ሰው ድሮም ልክ የሚያውቅ እጅ እዚህ አገር እንደነበረ አይጠራጠርም። አሁን ግን ዋንዛው እንደ ልብ አይገኝም፤ የምንሠራው በግራቪሊያ፣ በባሕር ዛፍና በፈረንጅ ጥድ ነው፤ ሰንጣቂው ሌላ፣ ሻጩ ሌላ፣ ሠሪው ሌላ ነው። በመካከላችን ያለው ቁጥር ብቻ ነው።

ይህን ያህል ስከስ ራሴን ደብቄ ማለፍ አይሆንልኝም። በወጣትነቴ ከአንድ ጣውላ ነጋዴ ጋር ገጠር እየወጣሁ ከገበሬ የቆመ ዛፍ እንገዛ ነበር። ግንዱ ከተጣለ በኋላ መሐሉ ላይ ገመድ እንጠመጥማለን፣ ገመዱን ለአራት እናጥፋለን፣ የታጠፈውን በራሱ አባዝተን በርዝመቱ እናበዛለን። ዙሪያው 1.26 ሜትር፣ ርዝመቱ 4 ሜትር የሆነ ግንድ በዚህ ስሌት 0.397 ሜትር ኩብ ይሆናል። ትክክለኛው ግን ዙሪያውን በራሱ አባዝቶ፣ በርዝመቱ አባዝቶ፣ ለ12.57 ማካፈል ነው፤ 0.505 ይመጣል። ክቡን አራት ማዕዘን አድርገን ቆጥረን ከመቶ 21 በላይ እናስቀርበት ነበር። ገበሬው ቆሞ ያየናል፣ ገመዱ እውነተኛ ገመድ ነው፣ አስተጣጠፉም ግልጽ ነው፤ ምን ብሎ ይከራከር? ነጋዴውን ስጠይቀው «ቀሪው ቅርፊትና ሰጋቱራ ነው» አለኝ። መጋዝ እንጨት መብላቱ እውነት ነው። እሱ ግን ዋጋ ስንነጋገር የሚነሳ ነገር ነው፤ ከግንዱ ላይ ቀድሞ ተቀንሶ፣ ዋጋውም በዚያ ምክንያት ዝቅ ብሎ፣ ገበሬው ለአንድ ሰጋቱራ ሁለት ጊዜ ይከፍል ነበር።

የምጠይቀው ትንሽ ነገር ነው። ጣውላ ሻጭ ደረሰኝ ሲጽፍ ብዛቱን ብቻ ሳይሆን በዕለቱ የተለካውን ርዝመት፣ ወርድና ውፍረት፣ ከዚያም ሜትር ኩቡን ይጻፍ። እርጥብ ከሆነ እርጥብ ይበል። ቀጭን ጣውላ መሸጥ ነውር አይደለም፤ 2.2 ከሆነ በ2.2 ዋጋ እገዛዋለሁ፣ ለመሳቢያ እኮ ያስፈልገኛል። የሥጋ ቤትና የእህል ሚዛን የሚፈትሹ ሰዎች ገበያ ሲዞሩ አይቻለሁ፤ ኪሳቸው ውስጥ አንድ ሜትር ቢጨምሩ ጣውላ መሸጫዎቹ ከመንገዳቸው ሩቅ አይደሉም።

እስከዚያው እኔ አንድ ነገር ሠርቻለሁ። ከቁርጥራጭ ደረቅ ዋንዛ መዳፍ የምታህል መለኪያ ቆርጬ፣ ጠርዟ ላይ ልክ 2.5 ሳንቲ ክፍተት አወጣሁላት። ጣውላው ጫፍ ላይ ስትሰኳት ግጥም ካለች ልኩ ደህና ነው፤ ከተንቀጫቀጨች ቀጥኗል። ቁጥር ማንበብ አያስፈልግም። ልጁ እስካሁን 20 ያህል ቆርጧል፣ ለሙያ ጓደኞቻችን በነፃ እየሰጠን ነው። ባለፈው ሳምንት አንዷን ይዤ እዚያው ሻጭ ዘንድ ሄድኩ። አያትና «ለእኔም አንድ ስጠኝ፣ ሰንጣቂው እኔንም ሳያታልለኝ አልቀረም» አለኝ። ሰጠሁት።

አንድ እንጨት ሠሪ
ከፈረንጅ አራዳ፣ ጅማ